ሃያ ኢንች ከሩብ

ጀርመን፣ ኮሎኝ ከተማ፤ ጃንዋሪ 1826። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) አንድ የ36 ዓመት የሒሳብና የፊዚክስ መምህር በአንድ ወገን ውኃ አፍልቷል፤ በሌላ ወገን በረዶ ከምሯል። በሁለቱ መካከል የቢስመዝ ዘንግ ተጋድሟል፤ በዘንጉ ግራና ቀኝ ጫፍ መዳብ ተያይዟል፤ መዳቦቹ ደግሞ ሜርኩሪ ከተሞሉ ሁለት ጽዋዎች ይደርሳሉ። መምህሩ ከጎኑ ከደረደራቸው ስምንት የመዳብ ሽቦዎች አንዱን ያነሣና ሁለት ጫፉን በጽዋዎቹ ውስጥ ይነክራል። በቀጭን ጥብጣብ የተንጠለጠለች ማግኔታዊ መርፌ ወዲያው ዘወር ትላለች። እሱ ጥብጣቡን እየጠመዘዘ መርፌዋን ወደ ቦታዋ ይመልሳል፤ ለመመለስ ስንት ክፍል መጠምዘዝ እንዳስፈለገው ይጽፋል። ከዚያ ሌላ ሽቦ ያነሣል።

ይህ መምህር ጌኦርግ ሲሞን ኦም ነው። ዛሬ ስሙ በየሬዲዮው ቦርድ፣ በየመለኪያው መሣሪያ ላይ ተጽፎ ይገኛል። ያን ዕለት ይሠራ የነበረውን ሥራ ግን የእኛ ሰፈር ኤሌክትሪክ ሠራተኛ ቢያየው በአንድ ቃል ይገላግለው ነበር፦ ሾርት። በመካከል አምፖል የለ፣ ምድጃ የለ፣ ሞተር የለ። ምንጩ ሁለት ጫፍ አለው፤ ሁለቱ ጫፎች በአጭር ወፍራም ሽቦ ይገናኛሉ። በቃ።

ስለ ሾርት በትምህርት ቤት የሚነገረን ነገር ሁልጊዜ አንድ ቀዳዳ አለው። ፍሰት ማለት ቮልቴጅ ሲካፈል ለተቃውሞ ነው ይባላል። ሾርት ሲሆን ተቃውሞው ዜሮ ይሆናል ይባላል። ነቃ ያለ ተማሪ እጁን ያወጣል፦ «ታዲያ በዜሮ ሲካፈል ፍሰቱ ስፍር ቁጥር የለውም ማለት ነው?» መምህሩ ወይ «በጣም ትልቅ ይሆናል» ብሎ ያልፋል፣ ወይ ሰዓቱ ያልቃል። ሌላም ጥያቄ አለ፤ ሾርት ሲሆን የቤቱ አምፖል ለቅጽበት የሚደበዝዘው ለምንድን ነው? ፍሰቱ እንዲህ ከበዛ ብርሃኑስ መጨመር አልነበረበትም? ለሁለቱም መልሱ ከ200 ዓመት በፊት በኮሎኝ በተጻፉት ስምንት ቁጥሮች ውስጥ አለ። እዚያ እስክንደርስ ግን ትንሽ ወደ ኋላ መመለስ ያስፈልጋል፤ ምክንያቱም ኦም ከመምጣቱ በፊት ጉዳዩ በእውነት እንቆቅልሽ ነበር።

ጣሊያናዊው አሌሳንድሮ ቮልታ የዚንክና የመዳብ ወይም የብር ዝርግ ክቦችን በጨው ውኃ የራሰ ካርቶን እያደረገ ደርድሮ የመጀመሪያውን ባትሪ ያሳወቀው በ1800 ነው። ያኔ በኤሌክትሪክ የሚሠራ አንድም የቤት ዕቃ አልነበረም። ስለዚህ ባትሪ የያዘ ሁሉ የሚያደርገው ያው ነበር፤ ሁለቱን ጫፍ በሽቦ ማገናኘትና ምን እንደሚመጣ ማየት። ሽቦው ይግላል፤ ይቀላል፤ አንዳንዴ ይቀልጣል። በእጅ ሲነኩት ደግሞ ያንቀጠቅጣል፤ ወይም ምንም አይልም።

እንቆቅልሹ እዚህ ላይ ነበር። እንግሊዛዊው ጆን ጆርጅ ቺልድረን በ1809 ባሳተመው ሥራ ሁለት ባትሪዎችን አወዳደረ። አንደኛው እያንዳንዳቸው የጠረጴዛ ያህል የሚሰፉ 20 ጥንድ ሳህኖች ነበሩት። ሁለተኛው የመዳፍ ግማሽ የማይሞሉ 200 ጥንድ ትናንሽ ሳህኖች። ትልልቆቹ ሳህኖች የፕላቲኒየም ሽቦ አቀለጡ፤ በሰው አካል ላይ ግን ይህ ነው የሚባል ንዝረት አልነበራቸውም። ትናንሾቹ ሰውን ክፉኛ ያስደነግጣሉ፤ ሽቦ ማቅለጥ ላይ ግን ይለግማሉ። ከሁለቱ የትኛው ነው «ብርቱ» ባትሪ? የዘመኑ ሰዎች ለዚህ የሰጡት መፍትሔ ስም ማውጣት ነበር፤ አንዱን የ«ብዛት» ባትሪ፣ ሌላውን የ«ኃይለኝነት» ባትሪ አሉት። ስም ማውጣት ደግሞ ማወቅ አይደለም። ሁለቱን የሚያገናኝ ቀመር ያለው ሰው አልነበረም።

ኦም ወደዚህ ነገር የገባው እጁ ሥራ የለመደ ሰው ሆኖ ነው። በ1789 በኤርላንገን ሲወለድ አባቱ ቁልፍ ሠሪ ነበሩ፤ ሒሳብን በራሳቸው ተምረው ለልጆቻቸው ያስተማሩ ብርቱ ሰው። ጌኦርግ በ1805 ዩኒቨርሲቲ ገብቶ ጊዜውን በጭፈራ፣ በበረዶ ላይ መንሸራተትና በከረንቡላ ማጥፋቱን ሲሰሙ ተቆጥተው አስወጡት፤ ወደ ስዊዘርላንድ ሄዶ ማስተማር ጀመረ። ኋላ ተመልሶ በ1811 ዶክትሬቱን አገኘ፤ በ1817 የኮሎኝ መምህር ሆነ። መለኪያውን የሠራው ራሱ ነው። የቁልፍ ሠሪ ልጅ መሆኑ የረዳው ይመስለኛል፤ ያን ዓይነት ስስ ሚዛን በገበያ የሚገዛበት ዘመን አልነበረምና።

የመጀመሪያ ሙከራው ግን አልሰመረም። በ1825 ምንጭ አድርጎ የተጠቀመው የቮልታን ዓይነት ኬሚካላዊ ባትሪ ነው። ይህ ባትሪ በአጭር ሽቦ ሲገናኝ ወዲያው መድከም ይጀምራል፤ ሽቦው ሲነሣለት ደግሞ ያገግማል። ምክንያቱ በሳህኖቹ ላይ የሚከማቸው ጋዝና የኬሚካሉ ለውጥ ነው። ኦም አንዱን ሽቦ ለክቶ ወደ ሌላው ሲያልፍ የሚለካው ነገር ራሱ በእጁ ላይ ይለዋወጥበታል። ከእነዚያ ከሚዋዥቁ ቁጥሮች ሎጋሪዝም ያለበት ቀመር አወጣና አሳተመው። ቀመሩ ስሕተት ነበር። በዚያው ዓመት እንግሊዛዊው ፒተር ባርሎው ፍሰት ከሽቦው ርዝመት ስኩዌር ሩት ጋር በግልባጭ ይሄዳል ብሎ ሌላ ስሕተት አሳትሟል፤ ስለዚህ ኦም ብቻውን አልነበረም።

መውጫውን የጠቆመው የሳይንስ መጽሔት አዘጋጁ ዮሐን ፖገንዶርፍ ነው፤ ኬሚካሉን ተወውና የሙቀት ምንጭ ሞክር አለው። ቶማስ ዜቤክ በ1821 ሁለት የተለያዩ ብረቶች ተጋጥመው አንዱ መጋጠሚያ ሲሞቅ ሌላው ሲቀዘቅዝ መርፌ የሚያዞር ነገር እንደሚፈጠር አይቶ ነበር። በቢስመዝና በመዳብ መካከል፣ በፈላ ውኃና በበረዶ ልዩነት የሚገኘው ግፊት ኢምንት ነው፤ ከአንድ ቮልት መቶኛ እንኳ አይሞላም። ሌላ ሰው ቢሆን ይንቀው ይሆናል። ነገር ግን ይህ ምንጭ አንድ ትልቅ ጸጋ ነበረው፤ ቀኑን ሙሉ ሾርት ብታደርገው አይደክምም። ውኃው እስከፈላ፣ በረዶው እስካለ ድረስ ግፊቱ ያው ነው። የሾርትን ጠባይ ለማጥናት ሾርት የማይጎዳው ምንጭ ያስፈልግ ነበር፤ ኦም አገኘው።

ጃንዋሪ 8 ቀን የጻፋቸው ቁጥሮች እነዚህ ናቸው። ሽቦዎቹ ውፍረታቸው አንድ ነው፤ ርዝመታቸው ብቻ ይለያያል። ባለ 2 ኢንቹ 326.75 ክፍል፤ ባለ 4ቱ 300.75፤ ባለ 6ቱ 277.75፤ ባለ 10ሩ 238.25፤ ባለ 18ቱ 190.75፤ ባለ 34ቱ 134.5፤ ባለ 66ቱ 83.25፤ ባለ 130ው 48.5።

አንባቢ እዚህ ላይ ቸኩሎ ባያልፍ ደስ ይለኛል። ሽቦው ከ2 ወደ 4 ኢንች ሲያድግ፣ ማለት ርዝመቱ በእጥፍ ሲጨምር፣ ፍሰቱ የቀነሰው 8 በመቶ ብቻ ነው። ከ66 ወደ 130 ሲያድግ ግን፣ ያውም እጥፍ ሳይሞላ፣ ፍሰቱ 42 በመቶ ወረደ። ያው የመዳብ ሽቦ ነው፤ ያው ምንጭ ነው። በአጭሩ ሽቦ እጥፍ መሆኑ ምንም ያልመሰለው፣ በረዥሙ ሽቦ ፍሰቱን ወደ ግማሽ ያቀረበው ለምንድን ነው?

የኦም መልስ ቀላል ነው፤ እሱ የሚያየው ሽቦ ብቻውን አይደለም። ፍሰቱ በጽዋዎቹ መካከል ባለው ሽቦ አልፎ የሚቆም ሳይሆን በቢስመዙ፣ በመዳብ ጫፎቹ፣ በምንጩ ሆድ ዞሮ ይመለሳል። ስለዚህ በእያንዳንዱ ልኬት ላይ የማይታይ፣ የማይቀየር ሌላ ርዝመት ተጨምሯል። ያንን ስውር ርዝመት ከቁጥሮቹ አሰላው፤ 20 ኢንች ከሩብ ሆኖ ተገኘ። አሁን እንደገና እንቁጠር። ባለ 2 ኢንቹ በእርግጥ 22.25 ነበር፤ ባለ 4ቱ 24.25። ርዝመቱ የጨመረው እጥፍ ሳይሆን 9 በመቶ ነው! ባለ 66ቱ 86.25፤ ባለ 130ው 150.25። እንቆቅልሹ ተፈታ።

ቀመሩም እንዲህ ሆነ፦ ፍሰቱ 7285 ሲካፈል ለ20.25 እና ለሽቦው ርዝመት ድምር። ፈትኑት፤ ለ18 ኢንች 190.5 ይሰጣል፤ ኦም የለካው 190.75 ነው። ለ34 ኢንች 134.3 ይሰጣል፤ የለካው 134.5። ላዩ ላይ ያለው ቁጥር የምንጩ ግፊት ነው፤ ታች ያለው 20.25 የምንጩ የራሱ ተቃውሞ። ኦም ይህን በቃል አላለፈውም። የፈላውን ውኃ ትቶ የሙቀት ልዩነቱን ሲያሳንሰው የላይኛው ቁጥር አብሮ አነሰ፤ 20.25 ግን ንቅንቅ አላለም። ግፊትና የውስጥ ተቃውሞ ሁለት የተለያዩ ነገሮች መሆናቸው ለመጀመሪያ ጊዜ በቁጥር ታየ።

አሁን የተማሪው ጥያቄ ይመለሳል። ሽቦው ዜሮ ኢንች ቢሆንስ? ፍጹሙ ሾርት? 7285 ለ20.25 ሲካፈል 360 ገደማ ነው። ስፍር ቁጥር የሌለው አይደለም፤ እንዲያውም ባለ 2 ኢንቹ ሽቦ ከሰጠው ብዙም አይርቅም፤ ኦም ያን ሽቦ ሲነክር ከከፍተኛው ፍሰት 91 በመቶ ላይ ደርሶ ነበር። ሾርት የፍሰት ጣሪያ አለው፤ ጣሪያውን የሚሠራው ሽቦው ሳይሆን ምንጩ ራሱ ነው። የትምህርት ቤቱ ቀመር ስሕተት አይደለም፤ ከታች 20.25ን አውጥቶ ስለጣለ ነው በሾርት ጊዜ ግራ የሚያጋባው። የመማሪያ መጻሕፍት «የኦም ሕግ» ብለው የሚያቀርቡት ኦም ካገኘው ግማሹ ነው ብል ማጋነን አይሆንም፤ የቀረው ግማሽ ከብዙ ምዕራፍ በኋላ «የውስጥ ተቃውሞ» በሚል ርዕስ ለብቻው ይመጣል፤ ያኔ ተማሪው ረስቷል።

ከዚያው ቁጥር ቮልቴጁም ይወጣል። ግፊቱ በጠቅላላው ዑደት ላይ እንደየተቃውሞው ይከፋፈላል። በ130 ኢንች ሽቦ ጊዜ ከግፊቱ 86 በመቶ ገደማ በሽቦው ጫፍና ጫፍ ላይ ይገኛል፤ የቀረው በምንጩ ውስጥ ያልቃል። በ2 ኢንች ሽቦ ጊዜ ሽቦው ላይ የሚደርሰው 9 በመቶ ብቻ ነው። በዜሮ ኢንች ምንም። ፍሰቱ ጣሪያ በነካባት ቅጽበት በምንጩ ሁለት ጫፎች መካከል ቮልቴጅ የለም። ግፊቱ ጠፍቶ አይደለም፤ ሁሉም በምንጩ በራሱ ውስጥ ለማለፍ ስለዋለ ነው። በሾርት ጊዜ አምፖል የሚደበዝዘው በዚህ ምክንያት ነው፤ ሾርቱ ፍሰቱን አብዝቶ ቮልቴጁን ይጥላል፤ ሁለቱ አብረው የሚሆኑ ናቸው።

የቺልድረንም እንቆቅልሽ ከዚህ በኋላ ደቂቃ አይፈጅም። በቤታችን ባለው የባትሪ ድንጋይ እንየው። አንዱ ድንጋይ 1.5 ቮልት፣ የውስጥ ተቃውሞው 0.2 ኦም ነው እንበል። ጫፍና ጫፉን በሽቦ ብናገናኘው 7.5 አምፔር ይፈስሳል። አራት ድንጋዮች በተከታታይ ብንቀጥል ግፊቱ 6 ቮልት ይሆናል፤ የውስጥ ተቃውሞውም አብሮ 0.8 ኦም ይደርሳል። 6 ለ0.8 ሲካፈል? ያው 7.5 አምፔር። መቶ ድንጋይ ብትደረድሩም የሾርቱ ፍሰት ፈቀቅ አይልም። ሳህኑ አሥር እጥፍ ሲሰፋ ግን የውስጥ ተቃውሞው ወደ አሥረኛ ይወርዳል፤ ፍሰቱ 75 አምፔር ይሆናል፤ ግፊቱ ግን ያው 1.5 ቮልት ነው። የቺልድረን 20 ትልልቅ ሳህኖች ሽቦ ያቀለጡት፣ 200 ትናንሾቹ ሰው ያንቀጠቀጡት ለዚህ ነው። የሰው አካል ትልቅ ተቃውሞ ስላለው ብዙ ግፊት ይፈልጋል፤ ወፍራም ሽቦ ደግሞ የምንጩን የውስጥ ተቃውሞ ማነስ ይፈልጋል። «ብዛት» እና «ኃይለኝነት» የሚባሉ ሁለት ዓይነት ኤሌክትሪኮች አልነበሩም።

ኦም በ1826 ፈቃድ ወስዶ በግማሽ ደመወዝ ወደ በርሊን ሄደ፤ የሒሳብ ሊቅ የነበረው ወንድሙ ማርቲን እዚያ ነበር። በ1827 ሥራውን በመጽሐፍ አወጣ። የፈረንሳዩ ፉሪየ ሙቀት በብረት ውስጥ እንዴት እንደሚተላለፍ የጻፈውን ሒሳብ አርአያ አድርጎ፣ ፍሰትን በግፊት ልዩነት የሚነዳ አድርጎ አቀረበው። በጀርመን ብዙም የተቀበለው አልነበረም። ሒሳብ የበዛበት ፊዚክስ ያልተለመደባቸው ነበሩ፤ በፍልስፍና ዓይን አይተው ያጣጣሉትም ነበሩ። የተመኘውን የዩኒቨርሲቲ ቦታ አላገኘም፤ የኮሎኙንም ሥራ ለቀቀ። ለዓመታት በትናንሽ የማስተማር ሥራ ኖሮ በ1833 በኑረንበርግ ቋሚ ቦታ አገኘ። የለንደኑ ሮያል ሶሳይቲ የኮፕሊ ሜዳሊያ የሸለመው በ1841 ነው፤ ልኬቱ ከተደረገ 15 ዓመት በኋላ።

በነገራችን ላይ የነገሩን ጫፍ ከእሱ አስቀድሞ የያዘ ሌላ ሰው ነበር። ሄንሪ ካቨንዲሽ የሚባል ብቸኛና ዓይን አፋር እንግሊዛዊ ባለጸጋ፣ ባትሪ ገና ሳይፈጠር፣ ኤሌክትሪክን በጨው ውኃ ቱቦዎች ውስጥ እየላከ የተለያዩ ቱቦዎችን ተቃውሞ አነጻጽሯል። መለኪያው የገዛ አካሉ ነበር፤ ንዝረቱ ምን ያህል እንደሚሰማው እያመዛዘነ ይጽፋል። ሳያሳትመው ሞተ። ጄምስ ክላርክ ማክስዌል ወረቀቶቹን ያሳተማቸው በ1879 ነው። ያልታተመ ግኝት ለማንም አይደርስም።

ከኦም በኋላ ነገሩ በፍጥነት ሄደ። በ1845 ገና 21 ዓመቱ የነበረ የኬኒግስበርግ ተማሪ፣ ጉስታፍ ኪርሆፍ፣ ሽቦዎች ሲበታተኑና ሲገናኙ ፍሰትና ቮልቴጅ እንዴት እንደሚደለደሉ ሁለት ሕጎች አወጣ፤ የዛሬ መሐንዲስ የሾርትን ፍሰት የሚያሰላው በእነዚያ ነው። በ1881 በፓሪስ የተሰበሰበው ዓለም አቀፍ ጉባኤ ኦምን፣ ቮልትንና አምፔርን መለኪያ አድርጎ አጸደቀ።

የሙቀቱን ነገር የፈታው ግን ሌላ ሰው ነው። የእንግሊዙ ቢራ ጠማቂ ልጅ ጄምስ ጁል በ1840 የተጠመጠመ ሽቦ በውኃ ውስጥ እየነከረ የውኃውን ሙቀት ለካ። ሙቀቱ ከተቃውሞው ጋር፣ ከፍሰቱ ደግሞ ከስኩዌሩ ጋር እንደሚሄድ አገኘ። ፍሰት አሥር እጥፍ ሲሆን ሙቀት መቶ እጥፍ ይሆናል። ይህን ከኦም ስውር ርዝመት ጋር ስታጋጥሙት አንድ ደስ የማይል ነገር ይወጣል። ሙቀት እንደ ተቃውሞው ከተከፋፈለ፣ በፍጹም ሾርት ጊዜ ሽቦው ላይ ሳይሆን ሙሉ በሙሉ ምንጩ ሆድ ውስጥ ነው የሚወርደው። ሾርት የሆነ የባትሪ ድንጋይ እጅ እስኪያቃጥል የሚግለው፣ ሊቲየም ባትሪ የሚያብጠውና የሚነድደው ከዚህ የተነሣ ነው።

የመኪና ባትሪን ተመልከቱ። 12 ቮልት ነው፤ በእጅ ብትነኩት አያንዘርም፤ ስለዚህ ብዙ ሰው ይንቀዋል። የውስጥ ተቃውሞው ግን ከኦም መቶኛ የማይበልጥ ነው፤ ሞተር ለማስነሣት የተሠራ ነውና። 12 ለ0.01 ሲካፈል 1200 አምፔር። መካኒክ በሁለቱ ጫፍ ላይ ቁልፍ ሲወድቅበት ቁልፉ ብልጭ ብሎ የሚጣበቀው፣ እጁ ላይ ቀለበት ካለ ቀለበቱ ሥጋውን የሚያቃጥለው ለዚህ ነው። የቺልድረን ትልልቅ ሳህኖች ማለት ነው።

ወደ ቤታችን እንግባ። የኢትዮጵያ ቤት መብራት 220 ቮልት ነው። ምንጩ የሰፈሩ ትራንስፎርመር ነው፤ የእሱ 20.25 ደግሞ ከትራንስፎርመሩ እስከ ቤታችን ያለው መስመር ተጨምሮበት ነው የሚቆጠረው። ይህ 0.3 ኦም፣ ከማከፋፈያው እስከ ሶኬቱ ደርሶ መልስ ያለው ሽቦ 0.2 ኦም ነው እንበል። ሶኬቱ ላይ ሾርት ቢፈጠር 220 ለ0.5 ሲካፈል 440 አምፔር ይፈስሳል። በዚያች ቅጽበት ሶኬቱ ላይ ቮልቴጅ ዜሮ ነው፤ ማከፋፈያው ላይ 88 ቮልት ይቀራል፤ ሌላው ክፍል ያለው አምፖል በዚያች 88 ነው የሚበራው። በሽቦዎቹ ሁሉ የሚወርደው ሙቀት ወደ 97 ኪሎ ዋት ይደርሳል፤ 28 የእንጀራ ምጣዶች በአንድ ላይ እንደተሰኩ ማለት ነው።

ይህን ለመቁረጥ የተደረገው ጥረት ረጅም ነው። ፈረንሳዊው ሉዊ ብሬጌ በ1847 የቴሌግራፍ ጣቢያን ከመብረቅ ለማዳን ሆን ብሎ የቀጠነ ሽቦ በመስመሩ ላይ ማስገባትን ሐሳብ አቀረበ፤ የሚቀልጥ ካለ እሱ ይቅለጥ ብሎ። ኤዲሰን በ1890 ለፊውዝ የባለቤትነት መብት አገኘ። ጀርመናዊው ሁጎ ሽቶትስ በ1920ዎቹ ማንሃይም ላይ ዛሬ በየቤቱ ያለውን ዓይነት ትንሽ ብሬከር ሠራ። ብሬከር በውስጡ ሁለት ዘበኛ አለው። አንደኛው ሲሞቅ የሚጎብጥ ብረት ነው፤ ቀስ ብሎ ለሚመጣ ጭነት። ሁለተኛው ማግኔት ነው፤ ለሾርት፣ በሰከንድ መቶኛ የሚቆርጥ። «ሲ 16» ተብሎ የተጻፈበት ብሬከር ማግኔቱ በእርግጠኝነት የሚነቃው ፍሰቱ 160 አምፔር ሲደርስ ነው፤ ከ80 በታች ግን እንዲነቃ አይጠበቅም። 440 አምፔር ሲመጣ ያለ ጥርጥር ይወርዳል።

ብዙ ሰው የማያስበው አደጋ ይህ ነው። ከዚያው ሶኬት ላይ 50 ሜትር ርዝመት ያለው፣ ውስጡ 0.75 ስኩዌር ሚሊ ሜትር የሆነ ቀጭን ኤክስቴንሽን ሰክተን ግቢው ጫፍ ድረስ ብንወስደውና ጫፉ ላይ ሾርት ቢፈጠርስ? የኤክስቴንሽኑ ደርሶ መልስ ተቃውሞ 2.3 ኦም ገደማ ነው። ጠቅላላው 2.8 ይሆናል፤ ፍሰቱ ወደ 79 አምፔር ይወርዳል። ሾርቱ ደከመ። መድከሙ ግን መልካም አይደለም፤ ማግኔቱ አይነቃም፤ ሥራው ለሚጎብጠው ብረት ይተላለፋል፤ እሱ ደግሞ ጥቂት ሰከንዶች ይፈልጋል። በእነዚያ ሰከንዶች ውስጥ በቀጭኑ ገመድ ከ14 ኪሎ ዋት በላይ ሙቀት ይወርዳል፤ የመዳቡ ሙቀት መጀመሪያ ላይ በየሰከንዱ ከ50 ዲግሪ በላይ ይወጣል። የፕላስቲክ ሽፋኑ ይህን ለረጅም ጊዜ አይችልም። ብርቱው ሾርት ብሬከሩን ጥሎ ሲያልፍ፣ ደካማው ሾርት ቤት ያቃጥላል። ከትራንስፎርመር ርቀው ያሉ፣ በቀጭንና በረዥም ሽቦ መብራት የሚያገኙ ቤቶች ሁሉ ያለባቸው ችግር ይኸው ነው፤ ምንጫቸው ስውር ርዝመቱ በዝቷል።

ስለዚህ ኤሌክትሪክ ሠራተኛ ቤታችሁ ሲመጣ መብራቱን አብርቶ ብቻ እንዲሄድ አትፍቀዱለት፤ በጣም ሩቅ በሆነው ሶኬት ላይ የዑደቱን ተቃውሞ እንዲለካና 220ን በዚያ ቁጥር እንዲያካፍል ጠይቁት። ውጤቱ በብሬከሩ ላይ ከተጻፈው ቁጥር አሥር እጥፍ ካልደረሰ ወይ ሽቦው ይወፍር፣ ወይ ብሬከሩ ይቀየር። ረዥም ኤክስቴንሽን ስትገዙ ወፍራሙን ግዙ፤ ተጠቅልሎ እንዳለም አትጠቀሙበት። የተቃጠለ ፊውዝን በወፍራም የመዳብ ሽቦ አስሮ «ይሠራል» የሚላችሁን ሰው ደግሞ ከቆጣሪው አካባቢ አርቁት።